ግራኙ ትራምፔት ነፊ

ሽማግሌ ልኮ፣ ራሱም ተከትሎ ከሽማግሌዎቹ መሀል የተገኘ ሙሽራ ሰምታችሁ ታውቁ እንደሆነ እንጃ። ካልሰማችሁ እኔ ነኝ። ወድጄ አልነበረም፤ ግን ይህችን የሚያምንልኝ ሰው እስካሁን አላገኘሁም።

ያኔ አርባ ዓመት ተሻግሬያለሁ፣ ፀጉሬ ከፊት ለፊት ተሰናብቶኛል፣ ዋሽንግተን አጠገብ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ፣ አንድ ምድር ቤት ውስጥ በተከራየኋት ጠባብ ክፍል ሱቅ ከፍቼ ሠርግ እቀርጻለሁ። ሠርግ በማይኖርበት ሰሞን ደግሞ የሰው የቆየ ካሴትና ፊልም ወደ ኮምፒውተር እገለብጣለሁ። የሱቄ በር ላይ «ሠርግ እንቀርጻለን፣ ፊልም እንገለብጣለን» የሚል ጽሑፍ ለጥፌያለሁ። በዚህ አካባቢ የተጋባ ሐበሻ ግማሹ በእኔ ካሜራ ፊት ኬክ ጎርሷል፤ እኔ ግን የሚያጎርሰኝ አጥቼ ስዞር ኖሬያለሁ።

ሔለንን ያገኘኋት እንዲሁ ሠርግ ላይ፣ ሚዜ ሆና ነው። ነርስ ናት፣ በልጅነቷ የመጣች፣ ስትናደድ ግንባሯ መኻል ላይ አንዲት ቀጥ ያለች መስመር የምትወጣባት። ሁለት ዓመት ተዋደድን። ችግሩ አባቷ ነበሩ። አቶ ታደሰ ዘጠና ሊሞላቸው ምንም ያልቀራቸው፣ እዚያው ዋሽንግተን አጠገብ አሌክሳንድሪያ የሚኖሩ፣ በከዘራቸው ከሚደገፉበት ይልቅ የሚጠቁሙበት የሚበዛ አዛውንት ናቸው። ስለ እኔ ሲነገራቸው፣ «ካሜራ ተሸክሞ የሰው ክትፎ ሲቀርጽ ለሚውል ሰው ልጅ አልሰጥም» አሉ። አለቀ።

«አንቺ እኮ ሠላሳ ስድስት ዓመትሽ ነው» አልኳት ሔለንን። «ፈቃድ ምን ያደርግልሻል?»

«ዳድ ሳይመርቀኝ አላገባም። ፒሪየድ» አለችኝ፤ መስመሯም ወጣች።

አሁን ስለ አቶ ታደሰ ሌላ ነገር ልንገራችሁ። ከጀርባቸው «አቶ ትራምፔት» ነው የሚባሉት። በጃንሆይ ጊዜ መንገድ ሥራ እንዲማሩ ወደ ዋሽንግተን ተልከው፣ በወጣትነታቸው ከጥቁር አሜሪካውያን የጃዝ ባንድ ጋር ትራምፔት ይነፉ እንደነበር፣ ከዚያም አልፎ ፊልም እንደተነሡ ያወራሉ። ያን ጊዜ መጠጥ ቤት ውስጥ ሣንቲም የሚጎርስ፣ ፊቱ መስተዋት የሆነ ትልቅ ሣጥን ነበር፤ ሣንቲሙን ስትጨምሩለት አንድ ዘፈን የምታህል አጭር የጃዝ ፊልም ያሳያል። አቶ ታደሰ እዚያ ሣጥን ውስጥ ነበርኩ ይላሉ። ክርስትናም ይሁን ልቅሶ፣ ወሬው ዞሮ ዞሮ እዚያ ሣጥን ውስጥ ይገባል። ያመናቸው ሰው የለም። ትራምፔት የላቸውም፣ ፎቶ የላቸውም፣ ፊልሙን እሳቸውም ራሳቸው አይተውት አያውቁም። ባለቤታቸው ወይዘሮ አስቴር ደግሞ፣ «እኔ ሳገባው ማፏጨት እንኳ አይችልም ነበር» ብለው እንግዳውን ሁሉ ያስቃሉ።

እኔም ስቄያለሁ። ታዲያ አንድ ቀን ሚስ ዶሪስ የሚባሉ አሜሪካዊት አሮጊት ከሪቨርዴል ፓርክ ሰፈር አንድ ካርቶን የፊልም ጥቅል ይዘው ሱቄ መጡ። ሟች ባለቤታቸው መጠጥ ቤት ነበራቸው። ሣንቲም በሊታው ሣጥን ድሮ ተሸጧል፤ ፊልሞቹ ግን ጓዳ ቀርተዋል።

«ባለቤቴ እነዚህ ነገሮች ከሣጥናቸው ውጭ አይሆኑም ይል ነበር» አሉኝ።

ባሎች ስለ ማሽኖቻቸው የማይሉት የለምና «ይሆናል» ብዬ አለፍኩት። እናንተ ግን ይህችን ንግግር ያዙልኝ።

ፊልሞቹን አንድ በአንድ ስገለብጥ፣ እንደ ሌሎቹ ሁሉ መጀመሪያው ተቆርጦ ርዕስ የሌለው አንዱ ላይ ስደርስ እጄ ቆመ። ባንዱ እየተጫወተ ነው። አንዱ ፒያኖ ይመታል፣ አንዱ ከበሮ፣ ሌሎቹ ይነፋሉ። ዳር ላይ አንድ ቀጭን ልጅ፣ ኮቱ የሰፋው፣ የሔለንን ግንባር ይዞ ቆሟል። «የሐበሻ ግንባር ስንት አለ» ብዬ ልተወው ስል ልጁ ትራምፔቱን አንሥቶ መንፋት ጀመረ፤ ያቺ መስመር ግንባሩ መኻል ላይ ዱብ አለች። ከእግሩ ሥር ደግሞ የትራምፔት ማስቀመጫ ሣጥን አለ፤ ሣጥኑ ላይ በጠመኔ የተጻፉ ሁለት ፊደሎች። የእኛ ፊደሎች! «ሳበ» ይላል።

ማን እንደሳበ፣ ምን እንደሳበ አልጠየቅኩም። ብቻዬን ተነሥቼ እስክስታ ወረድኩ። ሚስ ዶሪስ አንድ ቅጂ ለባለ ታሪኩ እንድሰጥ ሳስፈቅዳቸው፣ «ባሌ መቼም ከመቃብር ተነሥቶ አይከስህም» አሉኝ።

ለሔለን አልነገርኳትም። ለእሷም ሰርፕራይዝ ይሆናል አልኩ። ሽማግሌ ግን አሰባሰብኩ። የመጀመሪያው ጋሽ ደምሴ ናቸው፤ በአካባቢያችን ሽምግልና ሲባል ስማቸው ቀድሞ የሚጠራ፣ ያስታረቋቸው ባልና ሚስቶች ግን በሙሉ የተፋቱ። ሁለተኛው አባ ወልደ ሰንበት፣ የሔለን ቤተሰብ ንስሐ አባት። ሦስተኛው ጓደኛዬ ቢኒያም ነው፤ ለሽምግልና ዕድሜው አልደረሰም፣ ግን ሰፊ መኪናና አንድ ሱፍ አለው። ፊልሙን የጫንኩበትን ላፕቶፕ ሰጠሁትና ሦስቱን ተከትዬ በቫኔ አሌክሳንድሪያ ሄድኩ። ሙሽራ መግባት ነውር ስለሆነ እኔ ከሕንጻው በታች ፓርክ አድርጌ ቀረሁ። ነውሩ መግባት እንጂ መስማት አይደለም፤ ቢኒያም ለእኔ ደውሎ ስልኩን እንደተከፈተ ደረት ኪሱ ውስጥ ከተተልኝ።

«ተቀመጡ» ሲሉ ሰማሁ አቶ ታደሰ።

«ቆመን ነው የምንነግርዎ» አሉ ጋሽ ደምሴ።

«ለዚያ ለካሜራማን ከሆነ የመጣችሁት፣ እንደቆማችሁ ውጡ።»

ጋሽ ደምሴ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «ልጃችን ባዶ እጁን አልላከንም። የእርስዎን ፊልም አግኝቶታል።»

«የምን ፊልም?»

«የትራምፔቱን።»

ከዚያ በኋላ የሰማሁት ከዘራ ሲወድቅ ነው። ከዚያም የቢኒያምን ጩኸት፦ «ሚኪ፣ እየሰማኸኝ ነው? ገመዱን የት ነው የምሰካው? ቲቪው እምቢ አለኝ፣ ግባ!»

በሩን የከፈቱልኝ ወይዘሮ አስቴር ናቸው። ከላይ እስከ ታች አዩኝ። «ሙሽራ ነህ ወይስ ኬብል ቀጣይ?»

«ለጊዜው ኬብል ቀጣይ ነኝ፣ እማማ» ብዬ ጎንበስ እንዳልኩ ገባሁ።

አቶ ታደሰ እኔን አላዩኝም። መኝታ ቤት ገብተው ኮትና ክራቫት አድርገው ተመልሰው ነበር። እኔ ገመድ ስሰካ እሳቸው ከዘራቸውን እንደ ትራምፔት አፋቸው ላይ አቅንተው ለሽማግሌዎቹ ያስረዳሉ።

«በዚህ በቀኝ እጅ፣ በሦስቱ ጣቶች ነው የሚጫነው። ግራው መያዣ ብቻ ነው። ደግሞ ከእግሬ ሥር ሣጥኔን ታያላችሁ። እናቴ የላከችልኝን በሶ እዚያ ውስጥ ነበር የማስቀምጠው። ባንዱ ሁሉ ይዘግንብኛል። ስለዚህ በጠመኔ ‹በሶ› ብዬ ጻፍኩበት። እነሱም ምንድን ነው ብለው ጠይቀው ስሜ በሶ ሆኖ ቀረ።»

«በአማርኛ ነው የጻፉት?» አሉ ጋሽ ደምሴ።

«በአማርኛ ነዋ።»

«እንዳይነኩብዎት ብለው? ታዲያ ማን ሊያነበው?»

አቶ ታደሰ፣ «ዝም ብለህ እይ» አሉና ወንበራቸውን ወደ ቲቪው አስጠጉ። እኔ ‹በሶ› የሚለውን ስሰማ አንድ ነገር ውስጤን ጫር አደረገኝ፤ ጣቴ ግን ቀድሞኝ ፊልሙን አስጀምሮታል።

መጀመሪያ ላይ ደስታ ነበር። ከበሮው ሲጀምር «ይኸው! ይኸው እኔ!» ብለው ከዘራቸውን ሲወዘውዙ ወይዘሮ አስቴር እንኳ አፋቸውን በነጠላቸው ያዙ። ሔለን ከጓዳ ብቅ ብላ፣ «ኦ ማይ ጋድ» አለች። እኔን ስታይ ደግሞ በሹክሹክታ፣ «አንተ እዚህ ምን ትሠራለህ?» አለችኝ። ልጁ ትራምፔቱን አንሥቶ ነፋ። ያን ጊዜ ነው ወይዘሮ አስቴር እጃቸውን ከአፋቸው ያነሡት።

«ታዴ፣ አንተ ግራኝ የሆንከው መቼ ነው?»

ሁላችንም አየን። ልጁ የሚጫነው በግራ እጁ ነው። ይህን ሱቄ ሆኜ እንዴት አላየሁም ትሉ ይሆናል። እኔ በሕይወቴ ስንት ትራምፔት አይቻለሁ? የእኛ ሠርግ ላይ ያለው አንድ ኪቦርድና አንድ ሰው ነው።

ጋሽ ደምሴ መነጽራቸውን አድርገው ከቲቪው ሥር ተንበረከኩ። «ሣጥኑ ላይ የተጻፈው ‹ሳበ› ነው። ‹በሶ› የሚል የለም» አሉ። ቀጥለውም፣ «ልጁ ሐበሻ ነው፣ አልክድም። ግን ሌላ ሐበሻ ነው። ታሪኩን ከዚህ ልጅ ማን እንደሳበው እንግዲህ እግዜር ይወቅ።»

ቢኒያም ፍርፍር ብሎ ሳቀና ሳቁን ወደ ሳል ቀየረው። ወይዘሮ አስቴር ግን ምንም አልደበቁም፤ ሶፋው ላይ ወደቁ። «የሰው ትራምፔት! ይህን ሁሉ ዓመት የሰው ትራምፔት!»

አባ ወልደ ሰንበት ደግ ሰው ናቸው። «ምናልባት በልጅነትዎ ግራኝ ኖረው፣ እናትዎ ቀጥተው አስተውዎት ይሆናል» አሉ።

«እኔ ግራኝ ሆኜ አላውቅም!» አሉ አቶ ታደሰ። ውሸት መጠለያ ሆኖ ቀርቦላቸው አልገቡበትም። ያን ቀን ሰውየውን የወደድኳቸው እዚያች ላይ ነው።

ፊልሙ አልቆ እንደገና ጀመረ። አቶ ታደሰ ወደ ፊት ተጎንብሰው ልጁን ያዩታል፣ ከዚያ ቀኝ እጃቸውን ያያሉ፣ ደግሞ ልጁን።

«ፊቱ የኔ ነው» አሉ በቀስታ። «እጁ ግን የኔ አይደለም።» ወንበራቸው ላይ ወደ ኋላ ተደገፉና፣ «ሌላ ሰው ይሆናላ» አሉ።

ሳቁ ቆመ። ወይዘሮ አስቴርም ጭምር ከሶፋው ቀና አሉ፤ ሃምሳ ጊዜ ሲከራከሯቸው እንዲህ እጅ ሰጥተው አያውቁማ። ሔለን አባቷ ወንበር ሥር ተቀምጣ ጉልበታቸውን ይዛ፣ «ዳድ፣ ኢትስ ኦኬ» ትላለች። ከዚያ ቀና ብላ አየችኝ። መስመሯ አልወጣችም። ያ ነው ያስፈራኝ። ስትናደድ ዐውቃታለሁ፤ ይህ ግን ንዴት አልነበረም። ጥሎሽ ብዬ ያመጣሁት ነገር የአባቷን ብቸኛ ታሪክ ቀምቷቸዋል፤ ከእንግዲህ የሔለንን ሠርግ የምቀርጸው እኔ ነኝ፣ ያውም የሌላ ሰው ሙሽራ ሆና።

ማንንም ማየት አቃተኝ። ፊቴን ከሰው ሁሉ አዙሬ፣ ለቲቪው ጀርባዬን ሰጥቼ ቆምኩ። ከፊቴ የቀረልኝ ቡፌው ነው፤ ብርጭቆና ሲኒ የተደረደረበት፣ ጀርባው መስተዋት የሆነ፣ ሐበሻ ቤት ሁሉ ያለ። በሲኒዎቹ መሀል አንድ ራሰ በራ ሰው አፈጠጠብኝ። ከራሰ በራው ትከሻ በላይ ደግሞ ቲቪው ይታያል። ከልጁ እግር ሥር ያለችው ሣጥን ላይ ሁለት ፊደሎች ቁጭ ብለዋል። አነበብኳቸው። ዐይኔን አሽቼ ደግሜ አነበብኳቸው።

«በሶ!» ብዬ ጮኽኩ።

«ልጁ ራበው እንዴ?» አሉ ወይዘሮ አስቴር።

«በሶ ነው የሚለው! ኑ፣ በመስተዋቱ እዩት!»

የሚስ ዶሪስ ባል ትዝ አሉኝ፤ ነፍሳቸውን ይማር። ‹ከሣጥናቸው ውጭ አይሆኑም!› ያ መጠጥ ቤት የነበረ ሣጥን ፊልሙን የሚያሳየው በመስተዋት አንጸባርቆ ነው። ስለዚህ ፊልሙ ሲሠራ ሆን ተብሎ ግራ ቀኙ ተገልብጦ ይታተማል፤ መስተዋቱ መልሶ እንዲያቃናው። እኔ ደግሞ ያለ ሣጥኑ፣ እንዳለ፣ እንደተገለበጠ አቀረብኩት። ‹በሶ› በመስተዋት ምን እንደሚሆን ወረቀት ላይ ጽፋችሁ ሞክሩት። የ‹ሶ› ረጅም እግር ከግራ ወደ ቀኝ ይዞርና ‹ሳ› ይሆናል፤ ‹በ› ወዴትም ብታዞሩት ያው ‹በ› ነው። ሁለቱ ቦታ ሲለዋወጡ ‹ሳበ›። ጽሑፉ የፈረንጅ ፊደል ቢሆን ኖሮ ያዩት ሰዎች ይህ ምን የተጣመመ ጽሑፍ ነው ብለው ወዲያው ይነቁ ነበር። እኛ ግን ማንበብ ስለቻልን ተሸወድን።

ላፕቶፑ ላይ አንድ ቁልፍ ተጫንኩ። ስክሪኑ ዞረ። ከግራ የነበረው ልጅ ቀኝ ዳር ላይ ሄዶ ቆመ፤ ሣጥኑ ላይ «በሶ» ብሎ፣ ትራምፔቱን በቀኝ እጁ፣ በሦስት ጣቶች እየተጫነ።

አቶ ታደሰ ተነሡ። ከዘራቸውን ረስተውታል። ቲቪው ድረስ ሄደው ቆሙ፤ የቀኝ እጃቸው ጣቶች አየር ላይ ይንቀሳቀሱ ጀመር። ልጁ ሲጫን ይጫናሉ፣ ልጁ ሲለቅ ይለቃሉ። አንድም ቦታ አልሳቱም። እኔ አለቀስኩ፤ ቢኒያምም አልቅሷል፣ ዛሬ ሳል ነበር ቢልም።

ወይዘሮ አስቴር መጥተው ከጎናቸው ቆሙ። «ታዴ» አሉ፣ «እንዲህ ቀጭን ነበርክ?»

ጋሽ ደምሴ ተቀምጠው መቆየታቸው ትዝ ብሏቸው ብድግ አሉ። «እንግዲህ የመጣንበትን ጉዳይ…»

አቶ ታደሰ ፊታቸውን ከስክሪኑ ሳያነሡ ነው የመለሱት። «የላኩኝ ሰዎች ይህን ነገር ሲሰሙ፣ ‹መንገድ ሥራ ተማር አልንህ እንጂ አዝማሪ ሁን አልንህ?› ብለው ትራምፔቱን አስጣሉኝ። እነሱን ስረግም ኖርኩ። ከዚያ ይህ ልጅ መጣና እኔ ራሴ ያንኑ አልኩት።» ወደ እኔ ዞሩ። «ውሰዳት።»

«ዳድ፣ አይ አም ራይት ሂር» አለች ሔለን። መስመሯ ወጥታለች። እንደዚያን ቀን አምራኝ አታውቅም።

ሽማግሌዎቹ ሲወጡ አቶ ታደሰ ክንዴን ይዘው እስከ መኪናዬ ሸኙኝ። በሩ ላይ ቆም አሉ። «አንድ ነገር ልንገርህ፣ ለአስቴር ግን እንዳትነግራት» አሉኝ። «እናንተ አንተ አይደለህም ስትሉኝ፣ አመንኳችሁ። ከማውራቴ ብዛት፣ ነገሩን አድርጌው ይሁን አውርቼው ብቻ ከጠፋኝ ቆይቷል። ሌሊት ሌሊት እጠራጠር ነበር።»

እጃቸውን ሳምኩ። ቀኙን።

እንግዲህ አንባቢዎቼ፣ ያ ቀን ሚስት ሰጠኝ፤ ሌላም ነገር ሰጠኝ። ድሮ ሽማግሌ ሲያወራ ካሜራዬን አጠፋ ነበር፣ ባትሪ ለኬክ እቆጥባለሁ። አሁን ማንም አዛውንት «እኔ እኮ በጎልማሳነቴ» ብሎ ከጀመረ፣ ሙሽሮቹ ኬኩን ቢፈልጉ ብቻቸውን ይቁረጡ እንጂ እኔ እዚያው ነኝ። ከእነዚህ መሀል ስንቱ ቀጣፊ ነው? በጣም ብዙው። ግን በየቤታችሁ አንድ ባለ መስተዋት ቡፌ አለና፣ ሰውን ውሸታም ከማለታችሁ በፊት እስቲ ዞር ብላችሁ በዚያ በኩል እዩት።

አማቼ አሁንም አሉ፤ ፊልሙን ያላየ እንግዳ ከቤታቸው አይወጣም። ወይዘሮ አስቴርም ስለ ፉጨት ማውራት ትተዋል፤ አሁን የሚሉት «እኔ ሳገባው ለካ ኮከብ ነበር» ነው። ባለፈው ፋሲካ ሁለታችን ብቻ ስንቀር፣ ከዚያን ቀን ጀምሮ ያሳከከኝን ጥያቄ ጠየቅኳቸው።

«አባባ፣ የእውነት፣ ያን ‹በሶ› የሚለውን በአማርኛ ሲጽፉት፣ ማን እንዲያነበው ነበር?»

«ማንም» አሉ። «በዚያ ከተማ የሚያነበው ሰው አልነበረማ። ካሜራው ሲመጣ ግን ሣጥኑን በእግሬ ገፋ አድርጌ ወደ ፊት አወጣሁት። አንድ ቀን አንዱ ያነበዋል አልኩ።» ከዘራቸውን አንሥተው ደረቴን ነካ ነካ አደረጉኝ። «ዕድሜዬን ሙሉ ጠበቅኩ። በመጨረሻ የሚያነብ ሰው መጣ ስል፣ እሱም በሩ ላይ ‹እንገለብጣለን› ብሎ የለጠፈ ሆኖ ተገኘ!»